በሩ ክፍት ነው፤ አንገባም ያላችሁት እናንተ ናችሁ

በ2021 ጁን መግቢያ ላይ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው) «በህንድ አገር አስቀያሚው ቋንቋ የትኛው ነው?» ብሎ ጉግልን ለጠየቀ ሰው የሚመጣለት መልስ አንድ ነበር፦ ካንናዳ። የካርናታካ ሕዝብ ተቆጣ፤ የግዛቱ መንግሥት በሕግ እጠይቃለሁ አለ፤ ኩባንያው ይቅርታ ጠይቆ መልሱን አነሣ። ብዙ ሰው «የማሽን ስህተት ነው፤ ለዚህ ይሄ ሁሉ ቁጣ ምንድን ነው?» ብሎ ነገሩን ዘጋው። እኔ መዝጋት አልቻልኩም። ማሽን ከሆዱ አያወጣም፤ ሰው ጽፎ ያስቀመጠውን አንሥቶ ነው የሚያቀብለው። ያንን ንቀት ደግሞ እኔ ከሰው አፍ፣ በገዛ ከተማዋ በቤንጋሉሩ መሀል ቆሜ ሰምቼዋለሁ።

ካንናዳ የደቡብ ህንዷ የካርናታካ ግዛት ቋንቋ ናት። ከካናዳ አገር ጋር ስም ከመመሳሰል በቀር ዝምድና የላትም። በ2011ዱ የህንድ ሕዝብ ቆጠራ ወደ 44 ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው አፍ የፈታሁባት ናት ብሎ አስመዝግቧል። «44 ሚሊዮን ሰው የሚናገራት ቋንቋ ምን ትሆናለች?» የሚለኝ አይጠፋም። ምን እንደምትሆን ልንገራችሁ። ሕዝቧ ሳያልቅ ትገፋለች። አንድ ቀን ከባንክ መስኮት ትባረራለች፤ ሌላ ቀን ከመማሪያ ክፍል፤ ቀጥሎ ሥራ ፈላጊው ከሚጠየቅበት ጠረጴዛ። በመጨረሻ ከአያቶች ጋር ጓዳ ትቀራለች፤ አያቶች ሲያልፉ አብራቸው ታልፋለች። ዛሬ በዋና ከተማዋ በቤንጋሉሩ ካንናዳን አፍ መፍቻዬ የሚለው ነዋሪ ከግማሽ በታች ነው። ነገሩ የተጀመረ እንጂ የሚፈራ ብቻ አይደለም።

እኔ ሐበሻ ነኝ። ቤንጋሉሩ የኖርኩት ለትምህርት ሄጄ ነው፤ ባሳቫናጉዲ በሚባለው አሮጌ ሰፈር፣ አንዲት ባልቴት ቤት ሰገነት ላይ ክፍል ተከራይቼ። ሰፈሩ ሁሉ «አጂ» ይላቸዋል፣ አያቴ ለማለት፤ እኔም አጂ አልኳቸው። የልጅ ልጃቸው አንደኛ ክፍል ገብታ ነበርና ማታ ማታ በረንዳው ላይ አስቀምጠው ፊደል ያስቆጥሯታል። አንድ ማታ ደረጃውን ስወጣ ድምጿን ሰማሁ። አንዷን ፊደል ይዛ፣ ጎኗ ላይ ጭራ፣ አናቷ ላይ ቅስት እየጨመረች፣ በዜማ «ከ፣ ካ፣ ኪ፣ ኩ» እያለች ትወርዳለች። ደረጃው ላይ ቆሜ ቀረሁ። ይሄ የእኛው ነገር ነው! አንድ ፊደል ድምፁ በተለወጠ ቁጥር መልኩን እየለወጠ፣ በረድፍ ተሰልፎ የሚቆጠርበት፣ ሕፃን በዜማ የሚይዘው ቆጠራ፤ እኔም የኔታ ፊት በስንጥር እየተጠቆመልኝ ያለፍኩበት። ከአክሱም እስከ ካርናታካ ያለውን ባሕር አስቤ አላውቅም ነበር፤ ያን ማታ አሰብኩት። ከዚያ በኋላ ከልጅቷ አጠገብ ተቀምጬ አብሬ ቆጠርኩ። አጂ ስሳሳት ጉልበቴን መታ እያደረጉ ያርሙኛል። በዓመቱ የአውቶቡስ ታፔላ አነብ ነበር፤ ገበያ ላይ ዋጋ እከራከር ነበር። የተለየ ጭንቅላት ኖሮኝ አይደለም። የምኖረው እዚያ ስለሆነ ነው።

እንግዲህ የሚያንገበግበኝን ልናገር።

አጂ የባላቸውን ጡረታ ነው የሚበሉት። አንድ ጠዋት የባንክ ደብተራቸውን በላስቲክ ጠቅልለው «የወሩ ገንዘብ አልገባም፤ አብረኸኝ ና» አሉኝ። ባንኩን ስሙን አልጠራም። መስኮቱ ጋ የተቀመጠው ወጣት ከሰሜን ተዛውሮ የመጣ ነው። አጂ በካንናዳ ጠየቁት። ቀና ሳይል በሂንዲ መለሰ። አጂ ሂንዲ አያውቁም፤ ለምን ያውቃሉ? የተወለዱት እዚያው ከተማ፣ ከባንኩ ሁለት መንገድ ዝቅ ብሎ ነው። ደገሙለት፤ ልጁ ጆሮው የከበደው መስሏቸው ቀስ አድርገው፣ ቃል በቃል። «ሂንዲ ተናገሪ። ካንናዳ አላውቅም» አለና ከኋላቸው ያለውን ሰው ጠራ። እኔ ጣልቃ ገባሁ። አጂ በካንናዳ ይነግሩኛል፣ እኔ በእንግሊዝኛ ለልጁ እነግረዋለሁ፣ እሱ የመለሰውን መልሼ ለአጂ። አስቡት እንግዲህ! አዲስ አበባ ተወልዶ ያደገ ሰው፣ በቤንጋሉሩ ከተማ፣ ለቤንጋሉሩ ተወላጅ አሮጊት፣ በገዛ አገራቸው ባንክ ውስጥ አስተርጓሚ ሆነ። ደብተራቸውን መልሰው ሲጠቀልሉ እጃቸው ይንቀጠቀጣል። መንገድ ላይ አንድም ቃል አልተናገሩም። ያን ዝምታ ይቅር አላልኩም፤ አልልምም።

ይሄ የአንድ ባለጌ ጎረምሳ ነገር ነው የምትሉኝ ካላችሁ፣ በ2025 ሜይ ከቤንጋሉሩ ዳርቻ የወጣውን ቪዲዮ አስታውሱ። አንዲት የባንክ ሥራ አስኪያጅ ካንናዳ አልናገርም ብላ ከደንበኛዋ ጋር ስትሟገት ታየች። የግዛቱ ዋና ሚኒስትር ሲዳራማያ ሳይቀሩ ድርጊቱን አወገዙ፤ ሴትየዋም ተዛወረች። ተዛወረች እንጂ አሠራሩ አልተዛወረም። ሕዝብ የሚያገለግል ሠራተኛ የሕዝቡን ቋንቋ ሳያውቅ መስኮት ላይ የሚቀመጥበት አሠራር እንዳለ ነው።

ይህች «አላውቃትም» ተብላ የተባረረችው ቋንቋ ማን ናት? ሃሳን በሚባለው አውራጃ፣ ሃልሚዲ ከምትባል መንደር የተገኘው የካንናዳ የድንጋይ ጽሑፍ ከ450 ዓ.ም. ገደማ ነው። ኢዛና ካለፈ መቶ ዓመት ቢሆነው ነው። በ850 ገደማ፣ በንጉሥ አሞጋቫርሻ ቤተ መንግሥት፣ ስለ ካንናዳ ቅኔ አሠራር የሚያስተምር «ካቪራጃማርጋ» የተባለ መጽሐፍ ተጽፏል፤ የቋንቋዋን ምድር ከካቬሪ ወንዝ እስከ ጎዳቫሪ ወንዝ ብሎ ይከልላል። እስቲ ልብ በሉ፦ በ9ኛው ክፍለ ዘመን ስለ ራሷ ሥነ ጽሑፍ መጽሐፍ የጻፈች ቋንቋ! በ941 ፓምፓ የማሃባራታን ታሪክ በካንናዳ ገጠመ። ዛሬ የአገር አንድነት ናት እየተባለች የምትጫንባት ሂንዲ አሁን በያዘችው የጽሑፍ መልኳ የ19ኛው ክፍለ ዘመን ልጅ ናት። ሂንዲን አልጠላም፤ የራሷ ሕዝብ፣ የራሷ ውበት አላት። ታናሽ ታላቋን «ዝም በይ» ስትላት ግን ዝም ብዬ አላይም።

ከሁሉም በላይ ልቤን የሚወስደው 12ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ካልያና በምትባል ከተማ ባሳቫንና የተባለ ሰው፣ የንጉሥ ቢጃላ ግምጃ ቤት ኃላፊ የነበረ፣ የዘር ደረጃን የናቀ አንድ ንቅናቄ አስነሣ። ያን ጊዜ የእግዚአብሔር ነገር የሚነገረው በሳንስክሪት ነው፤ ሳንስክሪት ደግሞ የጥቂቶች ናት። እነሱ በካንናዳ ተናገሩ። የተናገሩትስ እነማን ነበሩ? ቆዳ ፋቂዎች፣ ልብስ አጣቢው ማዲቫላ ማቻያ፣ ጀልባ ቀዛፊው አምቢጋራ ቾውዳያ፣ ቤቷን ጥላ ወጥታ በየዱሩ የተንከራተተችው አካ ማሃዴቪ። ቫቻና የሚባሉት አጫጭር ንግግሮቻቸው የቤት መምቻ ሕግ የላቸውም፤ ሰው ለሰው እንደሚናገረው ቀጥ ብለው ነው የሚወጡት። የተጠየፉት ሰው፣ ከጉድጓድ ውኃ እንዳይቀዳ የተከለከለ ሰው፣ በየዕለት ቋንቋው አፉን ከፍቶ ፈጣሪን «አንተ» አለ፤ ቃሉም ዘጠኝ መቶ ዓመት ያህል ተሻግሮ ዛሬ ይነበባል። ለሎሌና ለሴት ይህን ያህል ቀድማ አፍ የሰጠች ቋንቋ ስንት አለች? አስቀያሚ ብላችሁ የጻፋችሁት ይህችን ነው።

ቤንጋሉሩ የገባ ሰው ሁሉ ቀድሞ የሚለምዳት የካንናዳ አነጋገር «ካንናዳ ጎቲላ» ናት፤ ካንናዳ አላውቅም ማለት ነው። በገባ በሳምንቱ ቢላት ማንም አይቀየመውም። አሥር ዓመት ኖሮ፣ የከተማዋን ደመወዝ በልቶ፣ አፓርታማ ገዝቶ፣ ልጆቹን እዚያው ወልዶ ዛሬም ያችኑ የሚል የኮምፒውተር ኢንጂነር ግን አለማወቁን ሳይሆን ንቀቱን ነው የሚነግረን። ያ ሰው በሥራው አዲስ የኮምፒውተር ቋንቋ በሁለት ወር ይማራል። ጀርመን ቢላክ የጀርመንኛ ክፍል ይመዘገባል፤ ተመዝግቦም በኩራት ለወዳጆቹ ያወራል። የሚያመላልሰው የባጃጅ ሾፌር ካንናዳ፣ ታሚል፣ ቴሉጉ፣ ሂንዲ፣ የሚበቃውን ያህል እንግሊዝኛም ይናገራል። ከኋላ የተቀመጠው ባለዲግሪ ያንን ባለ አምስት ቋንቋ ሰው «ያልተማረ» ይለዋል። ሾፌሩ አንድ ቀን ምርር ብሎት «በካንናዳ አናግረኝ» ሲል ደግሞ በስልክ ይቀዳውና ጠባብ፣ ዘረኛ እያለ ለዓለም ያሳየዋል። ማነው ጠባቡ? አምስት የሚናገረው ነው ወይስ አንዲት እምቢ ያለው?

ጠባብነት ነው የሚለው ክስ ከሁሉም በላይ የሚያበግነኝ ሐሰት ስለሆነ ነው። የካንናዳ በር ተዘግቶ አያውቅም። በህንድ ትልቁን የሥነ ጽሑፍ ሽልማት፣ ግያንፒትን፣ ስምንት የካንናዳ ጸሐፊዎች ወስደዋል፤ የመጀመሪያው በ1967 ኩቬምፑ ነው። ከስምንቱ ቤንድሬ ቤቱ የሚናገረው ማራቲ ነበር። ማስቲ ቬንካቴሻ አየንጋር ከታሚል ተናጋሪ ቤት የወጣ ነው። ተውኔት ጸሐፊው ጊሪሽ ካርናድ የኮንካኒ ቤት ልጅ ነው። ሦስቱም ከቤታቸው ቋንቋ ውጭ ወጥተው ለካንናዳ ክብር አመጡ፤ ካንናዲጋዎችም፣ የካንናዳ ተናጋሪዎቹ፣ የእኛ ናቸው ብለው አቀፏቸው። ፈርዲናንድ ኪተል የተባለው ጀርመናዊ ሚሲዮናዊ ወደ 70 ሺህ የሚጠጉ ቃላት የሰበሰበውን የካንናዳና እንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት በ1894 አሳተመ፤ ዛሬ ቤንጋሉሩ መሀል ሐውልት ቆሞለታል። ከምሥራቅ አፍሪካ በባርነት ከተወሰዱ ሰዎች የተወለዱት ሲዲዎች፣ መልካቸው የእኛን የሚመስል፣ በሰሜን ካርናታካ ያላፑርና ሃሊያል ጫካዎች ዳር ከኮንካኒ ጋር ካንናዳን ይናገራሉ። ባሪያ ተደርጎ የመጣው ሰው ልጅ የገባበት በር፣ በአውሮፕላን ለመጣው ባለ ላፕቶፕ ምን ብሎ ጠበበው?

እዚህ ላይ ቁጣዬ ወደ ሌላ ወገንም ይዞራል። በ1994 ኦክቶበር የመንግሥት ቴሌቪዥን ከቤንጋሉሩ የአሥር ደቂቃ የኡርዱ ዜና ማሰማት ሲጀምር፣ ካንናዳ ተነካች ብለው የወጡ ሰዎች በቀሰቀሱት ሁከት ከ20 በላይ ሰው ሞተ። ለአሥር ደቂቃ ዜና! በካንናዳ ስም የፈሰሰ ያ ደም ካንናዳን አንድ ስንዝር አላራመዳትም፤ ለጠላቶቿ የዘላለም ማስረጃ ሰጠባት እንጂ። በባሕር ዳርቻው የቱሉ ተናጋሪዎች፣ በኮዳጉ ተራሮች የኮዳቫ ተናጋሪዎች የቋንቋችን ስም በሕገ መንግሥቱ ዝርዝር ይግባ እያሉ ሲጮኹ ፊቱን የሚያዞር ካንናዲጋም የሂንዲን ጫና ለመክሰስ አፍ የለውም።

የ1994ቱን ወንጀል ከንቱነት የምታሳይ አንዲት ሴት አለች። ባኑ ሙሽታቅ ትባላለች። ሙስሊም ናት፤ ቤቷ የሚነገረው ኡርዱ ነው። በስምንት ዓመቷ ሺቫሞጋ ከተማ በካንናዳ የሚያስተምር የሚሲዮን ትምህርት ቤት ስትገባ፣ በስድስት ወር ማንበብና መጻፍ ካልቻልሽ ትወጫለሽ ተብላ ነበር፤ በቀናት ውስጥ መጻፍ ጀመረች። የሙስሊም ሴቶችን ኑሮ፣ የባልን ጭካኔ፣ የሃይማኖት አባቶችን ዝምታ በካንናዳ አጫጭር ልቦለዶች ስትጽፍ ኖረች፤ በጠበቃነትም ሠራች። በ2025 ዲፓ ባስቲ ወደ እንግሊዝኛ የመለሰችው መጽሐፏ ዓለም አቀፉን የቡከር ሽልማት አሸነፈ። ከካንናዳ የተተረጎመ መጽሐፍ ሽልማቱን ሲወስድ የመጀመሪያው ነው። የምትኖረው ደግሞ ሃሳን ነው፤ የሃልሚዲው ድንጋይ በተገኘበት አውራጃ። በ1994 «ኡርዱ ይጥፋ» ብሎ ድንጋይ የወረወረው ሰው የወረወረው በእንደዚህች ሴት ቤት ላይ ነው። ያም አልበቃ ብሎ ሽልማቱን ባገኘችበት በ2025 የማይሱሩን የዳሳራ በዓል እንድትከፍት ስትጋበዝ፣ ሙስሊም እንዴት ትከፍታለች ብለው እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የሄዱ ተገኙ። ፍርድ ቤቱ አቤቱታቸውን ጣለው፤ እሷም በዓሉን ከፈተች። ለካንናዳ እነዚያ ከሳሾች ምን ጽፈውላታል? ምን አስገኝተውላታል?

አሁን ወደ ዋናው እንምጣ፤ ወደ ትምህርት ቤት። በ1981 በጸሐፊው ቪ. ኬ. ጎካክ የተመራው ኮሚቴ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ካንናዳ ብቸኛዋ አንደኛ ቋንቋ ትሁን ብሎ ሐሳብ አቀረበ። መንግሥት አመነታ። በ1982 ራጅኩማር፣ የካንናዳ ሲኒማ ንጉሥ፣ ትምህርቱ ገና በልጅነቱ የተቋረጠ ሰው፣ ሥራውን ትቶ ግዛቱን በመኪና እየዞረ ሕዝቡን ቀሰቀሰ። በየከተማው የወጣውን ሕዝብ ያዩ ሰዎች ዛሬም ሲያወሩት ድምፃቸው ይለወጣል። መንግሥት እጁን ሰጠ። በ1994 ደግሞ ግዛቱ ከአንደኛ እስከ አራተኛ ክፍል ልጅ በአፍ መፍቻው ወይም በካንናዳ ይማር ብሎ አዘዘ። የግል የእንግሊዝኛ ትምህርት ቤት ባለቤቶች ማኅበር ከሰሰ፤ ሃያ ዓመት ተሟገተ፤ በ2014 ሜይ የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግዛቱ ይህን ማስገደድ አይችልም ብሎ ወሰነ። በ2019 ራሱ የግዛቱ መንግሥት፣ ያው በየኖቬምበር 1 በግዛቱ በዓል ቀይና ቢጫውን የካንናዳ ባንዲራ የሚያውለበልበው መንግሥት፣ በ1,000 የመንግሥት ትምህርት ቤቶች በእንግሊዝኛ የሚያስተምሩ ክፍሎችን ከፈተ።

ደሀውን ወላጅ አልወቅስም። ልጄ በእንግሊዝኛ ካልተማረች ቢሮ ትጠርጋለች እንጂ ቢሮ አትቀመጥም ብሎ ያመነው አይቶ ነው። እኛስ ዘንድ? አዲስ አበባ ውስጥ በግቢያቸው አማርኛ መናገር የሚከለክሉ የግል ትምህርት ቤቶች አሉ፤ ወላጅ ይህን አውቆ፣ ለዚያው ብሎ ይከፍላል። የአጂ የልጅ ልጅም ሁለተኛ ክፍል ስትደርስ እንግሊዝኛ ትምህርት ቤት ተዛወረች። የበረንዳው ቆጠራ ያን ዓመት ቆመ። እናትየዋን ምን ልበላት? እንጀራው ያለበትን አይታ ሄደች።

ስለዚህ ቁጣው መሄድ ያለበት እንጀራው ወዳለበት ነው። በ2024 ጁላይ የግዛቱ መንግሥት በግል ኩባንያዎች ለአካባቢው ሰው ኮታ የሚሰጥ ረቂቅ ሕግ አወጣ፤ የቴክኖሎጂ ኩባንያዎች ጮኹ፤ በቀናት ውስጥ ረቂቁ መሳቢያ ገባ። እኔ ረቂቁ ውስጥ የትውልድ ቦታን የሚጠይቀውን ክፍል እቃወማለሁ፤ ቤንድሬንና ባኑን ያፈራች ቋንቋ የደም ምርመራ አያስፈልጋትም። ካንናዳ መናገር፣ ማንበብና መጻፍ የሚጠይቀውን ክፍል ግን ለምን አብረው ቀበሩት? ማንም ይምጣ፣ ከየትም ይምጣ። ባንክ መስኮት፣ ሆስፒታል፣ ፖሊስ ጣቢያ፣ ፍርድ ቤት የሚቀመጥ ሰው በተቀጠረ በዓመቱ የአጂን ጥያቄ ሰምቶ ይመልስ። ኩባንያውም ለሠራተኛው የካንናዳ መምህር ይቅጠርለት፤ ለዮጋ መምህር የሚከፍለው አያንሰውም።

በ2023 ዲሴምበር ሰልፈኞች የእንግሊዝኛ ሰሌዳ እየገነጣጠሉ ቤንጋሉሩን ሲዞሩ፣ መንግሥት በሁለት ወር ውስጥ ሕግ አሳለፈ፦ የንግድ ቤት ሰሌዳ 60 ከመቶው ካንናዳ ይሁን። መልካም፤ ካንናዳ ግድግዳ ላይ ትታይ። ነገር ግን የካርናታካ ሹማምንት ሆይ፣ ከሰሌዳው ሥር በር አለ፤ ከበሩ ውስጥ መስኮት አለ፤ መስኮቱ ጋ አሮጊት ቆማለች። ለሰሌዳው 60 ከመቶ ቆርጣችኋል። ለመስኮቱ ስንት ቆረጣችሁ? ለመማሪያ ክፍሉስ?